ሞራ

ያን ማክሰኞ ጠዋት፣ የጅማ ዝናብ ገና ሳያባራ፣
አግዳሚው ሞልቶ ነበር፤ ካርድ ይዤ ቆሜያለሁ፣ ስም ልጠራ።
ካርዱ ላይ ዶክተር ፌኔት በችኮላ የጻፈችው
አንድ የፈረንጅ ቃል አለ፣ ጫፉን የጎተተችው፦
«ካታራክት»።
በአገሩ ፏፏቴ ማለት ነው አሉኝ፣
ዓይን ላይ የሚወርድ የውሃ መጋረጃ፤ ተማሪ ሳለሁ ነገሩኝ።
እኔ ግን «ፏፏቴ» ብዬ ለማንም አልተረጎምኩም፣
ከሰቃ ቢመጡ ከዴዶ፣ በቃል አልተቸገርኩም፤
በአማርኛም ሞራ ነው፣ በኦሮምኛም ሞራ፣
አንዲት ቃል ለሁለት ምላስ፣ ሳትታጠፍ የምትሠራ።
«ዓይንዎ ላይ ሞራ አለ፤ ይገፈፋል፤ አይፍሩ»
እላለሁ፣ አሥራ አንድ ዓመት፤ አፌ ላይ ሟሟ ነገሩ።

«አባ ዋሪ!» ብዬ ስጠራ ዘንጋቸው ቀድሟቸው መጣ፣
ኋላ እሳቸው፣ ኋላ ኑሪያ፣
የልጃቸው ልጅ፣ ጫማዋ የጌራን ጭቃ ያመጣ።
እንደ ልማዴ ነገርኳቸው።
«ሞራ?» አሉ። ዝም አሉ። «ሞራ?» አሉ እንደገና፣
የጠፋ ዘመድ ስም ሂርማታ ገበያ ላይ እንደ ሰማ ሰው፣ አንገታቸው ቀና።

«ልጄ፣ እኔ ሞራ አንባቢ ነበርኩ፤ አባቴም፣ የአባቴም አባት።
በጉ ይታረዳል፤ ሞራውን በሁለት እጄ እዘረጋዋለሁ ለፀሐይ ፊት።
ሥሩ ወንዝ ነው፣ ነጥቡ ከብት፣ በዚህ በኩል ከቀላ ሙግት፣
በዚያ በኩል ከተሰነጠቀ... እሱን ዝም እላለሁ፣ ባለቤቱ እንዲበላ እራት።
አሁን እሱ ዓይኔ ውስጥ ገባ? መጽሐፉ አንባቢውን ዋጠው?
ሐኪሟ አይታዋለች አይደል፤ ምን እንደሚል ጠይቂልኝ፣ ሳትገፍፈው።»

ይህን እንዴት ልተርጉም? «ውጤት ይጠይቃሉ» አልኩ።
«በስሏል በያቸው» አለች። «በስሏል» ብዬ ነገርኩ።
አባ ዋሪ ሳቁ። «የበሰለማ ይለቀማል።»

ረቡዕ ተሠሩ።
ከዓይናቸው የወጣችውን ጨው ውሃ ውስጥ አኑሬ፣
ሐሙስ በብልቃጥ ይዤ ገባሁ፣ ከደንቡ አንድ ጊዜ ተሻግሬ።
ምስር የምታክል ነገር ናት፤ የከረመ ማር የመሰለች።
ፕላስተሩን ላጥኩ፤ ጋዙን አነሣሁ፤ ዓይናቸው እንባ አቀረረች።
አስቀድመው ያዩት እኔን አይደለም፤ ኑሪያንም አይደለም፤ መስኮቱን ነው።
ብልቃጡን ወደ ብርሃን አነሡ፣ በሁለት እጅ፣ እንደ ጥንቱ፤
አገላበጡ፣ አጠጉ፣ አራቁ፤
ትንፋሽ ዋጡ አልጋ ላይ ያሉቱ።

«ይህ ሞራ አይደለም» አሉ።
«ሞራ ስስ ነው፤ ብርሃን ያሳልፋል፤ ለዚያ ነው የሚነበበው፤
ከኋላው ፀሐይ ባትኖር ምንም የማይታየው።
ይህቺ ግን ድፍን ናት። ቃል የላትም። በር ናት፣ ቁልፍ የሌላት።
ስሟን ተሳስታችኋል፤ ሌላ ስም ፈልጉላት።»
ከዚያ ኑሪያን ዞረው አዩ፣ ብዙ፣
እንደዚያ ሞራ አቅንተው፤
«የእናቷን አፍንጫ ይዛ መጥታለች፣ ማንም ሳይነግረኝ!» አሉ፣ ተገርመው፤
ልጅቷ አፍራ በሻሿ አፏን ሸፈነች።

ብልቃጡን ደፋሁት። መዝገቡ ላይ የጻፍኩት ግን ያው ነው፤
ከመዝገብ ጋር ማን ይሟገታል?

ዛሬም ማክሰኞ ነው፤ ዝናብ። ከሊሙ የመጣች ሴት ፊቴ ተቀምጣለች፣
ነጩን ዓይኗን ወደ ድምፄ አዙራ፣ «ምንድን ነው ያለብኝ?» ትላለች።
ቃሉ ከንፈሬ ላይ ደርሷል፤ ግን ቆሟል፣ እንደ እንግዳ ደጅ ላይ፣
ራሱ እኔን እየጠየቀ፦ ከኋላዬ ፀሐይ አለች ወይ?
«ቆይ» እላታለሁ፤ እጇን እይዛለሁ።
ከአሸንዳው ውሃው ይወርዳል፣ ይወርዳል፤
በአሥራ አንድ ዓመቴ፣ ዛሬ ገና ሰማሁት።